በማስመሪያ የተነበበ ፖስተር፦ የሩቅ ንዑሳን ፕላኔቶች የመጠን ንጽጽር

ይህ ግምገማ የሚመለከተው አንድ የግድግዳ ፖስተር ነው። ወርዱ 100፣ ቁመቱ 70 ሴንቲ ሜትር ሲሆን በጥቁር መደብ ላይ ከፕላኔት ያነሱ አሥር የሰማይ አካላት በሁለት ረድፍ ተሰልፈው ይታዩበታል፤ በላይኛው ረድፍ ፕሉቶ፣ ኤሪስና ሐውሜያ፣ በታችኛው ረድፍ ደግሞ ጎንግጎንግ፣ ማኬማኬ፣ ካሮን፣ ኳዋር፣ ሴድና፣ ሴሬስና ኦርከስ። ፍራንክፈርት የሚኖረው የአክስቴ ልጅ ከአንድ የበይነ መረብ ሱቅ ገዝቶ፣ ባለፈው ክረምት ለዕረፍት ሲመጣ በካርቶን ቱቦ ጠቅልሎ አመጣልኝ። የአታሚውን ስም አልጠቅስም፤ ይኸው ዓይነት ሥዕል በልዩ ልዩ ስም በየሱቁ ስለሚሸጥ፣ እዚህ የማነሳቸው ነጥቦች ለሌሎቹም መመርመሪያ ይሆናሉ ብዬ አስባለሁ። በጽሑፉ ውስጥ የሚገኙት ቀናት፣ ወራትና ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተቀመጡ ናቸው።

በአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ። ፖስተሩን የሰቀልኩት ቅዳሜ ቅዳሜ የሥነ ፈለክ ክበባችን በሚሰበሰብበት ቤተ ሙከራ ውስጥ ስለሆነ፣ የምመዝነው በማስተማሪያ መሣሪያነቱ ነው። በጌጥነቱ የማነሳበት ቅሬታ የለም፤ ያምራል። በቀኝ በኩል ግርጌው ላይ በትንንሽ ፊደል አንድ ቃል ኪዳን ተጽፎበታል፤ ሁሉም አካላት በአንድ ስኬል መሳላቸውን፣ በዚህም ስኬል አንድ ሚሊ ሜትር አሥር ኪሎ ሜትርን እንደሚወክል ይገልጻል። ከዚህ የተሻለ ስኬል ማንም ሊመርጥ አይችልም፤ አንድ ተማሪ ማስመሪያውን በሥዕሉ ላይ አስቀምጦ የሚያነበው ሚሊ ሜትር፣ አንድ ዜሮ ሲጨመርበት በቀጥታ የአካሉ ዲያሜትር በኪሎ ሜትር ይሆንለታል። እኔም በመጀመሪያው ቀን ያደረግሁት ይህንኑ ነበር። ስለ ፖስተሩ የምለው መልካሙም ሆነ መጥፎው ከዚያ ልኬት የመጣ ነው።

የጀመርኩት ከምድር ነው። ምድርን በዚህ ስኬል ሙሉ ለሙሉ መሣል አይቻልም፤ ዲያሜትሯ 12,742 ኪሎ ሜትር ስለሆነ 127 ሴንቲ ሜትር ወርድ ይጠይቃል፤ ይህም ከወረቀቱ ይበልጣል። ሠዓሊው የዘየደው መላ ከፖስተሩ ግርጌ ብቅ ያለች ሰማያዊ ጉብታ ብቻ ማሳየት ነው። ይህች ጉብታ በትክክለኛው ስኬል መሣሏን ለማወቅ ግን ሙሉውን ክብ ማየት አያስፈልግም። በወረቀቱ ጠርዝ ላይ ክቡን ከዳር እስከ ዳር የሚያቋርጠውን አውታር ለካሁ፤ 74.4 ሴንቲ ሜትር ሆነ። ከአውታሩ መካከል እስከ ጉብታዋ አናት ያለው ከፍታ 12 ሴንቲ ሜትር ነው። የአውታሩን ግማሽ በራሱ አባዝተን፣ የከፍታውን ካሬ ጨምረን፣ ድምሩን ለከፍታው እጥፍ ብናካፍል የክቡን ራዲየስ እናገኛለን፤ ውጤቱም 63.7 ሴንቲ ሜትር፣ ማለትም 6,370 ኪሎ ሜትር ሆነ። የምድር አማካይ ራዲየስ 6,371 ኪሎ ሜትር ስለሆነ ሠዓሊው እዚህ ላይ አልተሳሳተም። ይህን ስሌት በዝርዝር ያስቀመጥኩት ያለ ምክንያት አይደለም፤ ከጥቂት አንቀጾች በኋላ እንደምናየው፣ ከፊሉን ብቻ ይዞ ሙሉውን ክብ የማግኘት ዘዴ የእነዚህ ሩቅ ዓለማት መጠን ከታወቀባቸው ዋና ዋና መንገዶች አንዱ ነው።

ቀጥሎ ወደ ፕሉቶና ወደ ኤሪስ አለፍኩ። ፕሉቶ 23.8፣ ኤሪስ 23.3 ሴንቲ ሜትር ወጡ። ልዩነታቸው አምስት ሚሊ ሜትር ነው፤ ከክፍሉ ጀርባ ቆሞ የሚያይ ሰው የትኛዋ እንደምትበልጥ አይለይም፤ እኔም አልለየሁም። ሆኖም ፕሉቶን ከፕላኔቶች ዝርዝር ያስወጣው ክርክር የተቀሰቀሰው በዚህ ንጽጽር ነው። ማይክ ብራውን፣ ቻድ ትሩጂዮና ዴቪድ ራቢኖዊትዝ በጥቅምት 2003 በፓሎማር የምርምር ጣቢያ በተነሡ ምስሎች ላይ ኤሪስን ያገኟት በጥር 2005 ነበር። በማግሥቱ ዓመት ከሙቀት ጨረሯ የተሰላው አንደኛው ግምት 3,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲያደርሳት፣ ከሃብል ቴሌስኮፕ የተገኘው ደግሞ 2,400 አላት። ሁለቱን ግምቶች በፖስተሩ ስኬል ብንሥላቸው አንደኛው 30፣ ሌላው 24 ሴንቲ ሜትር ይሆናል፤ ስድስት ሴንቲ ሜትር የሚያህል ክርክር ማለት ነው። የዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት ፕራግ ላይ ተሰብስቦ ነሐሴ 24 ቀን 2006 ድምፅ ሲሰጥ፣ ኤሪስ ከፕሉቶ ትበልጣለች ብሎ የማያምን ባለሙያ ጥቂት ነበር። ኒው ሆራይዘንስ የተባለችው መንኮራኩር ሐምሌ 14 ቀን 2015 በፕሉቶ አጠገብ ባለፈች ጊዜ ግን የፕሉቶ ዲያሜትር 2,377 ኪሎ ሜትር ሆኖ ተገኘ። የኤሪስ ደግሞ 2,326 ነው። ፖስተሩ ሁለቱንም በትክክል አስቀምጧል፤ ለዚህም ሊመሰገን ይገባዋል።

እዚህ ላይ አንባቢ ሊጠይቅ የሚችለው፣ በትልልቅ ቴሌስኮፖች ዘመን የአንድን አካል ስፋት በቀጥታ ማየት እንዴት አልተቻለም የሚለውን ነው። ኤሪስ ከተገኘች ወዲህ ከፀሐይ የራቀችው የምድርንና የፀሐይን ርቀት 96 ጊዜ ያህል ነው። ከእኛ ስትታይ ስፋቷ 2.5 ሴንቲ ሜትር ዲያሜትር ያለው ሳንቲም በ150 ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ ሲታይ ከሚኖረው ስፋት ጋር ይተካከላል። በአብዛኞቹ ቴሌስኮፖች ውስጥ የምትታየው ነጥብ ሆና ብቻ ነው፤ ነጥቡም የሚነግረን ምን ያህል ብርሃን እንደሚደርሰን እንጂ ምን ያህል ስፋት እንዳለው አይደለም። ብርሃኑ ደግሞ በሁለት ነገሮች ይወሰናል፤ በስፋቱና በገጽታው ንጣት። የገጽታ ንጣት፣ ሥነ ፈለክ አልቤዶ የሚለው፣ ከሚያርፍበት የፀሐይ ብርሃን ውስጥ ስንቱን መልሶ እንደሚልክ የሚገልጽ ቁጥር ነው። ንጣቱ በአራት እጥፍ ሲጨምር፣ ለዚያው ብርሃን የሚያስፈልገው ዲያሜትር በግማሽ ይቀንሳል። ኤሪስ ከሚያርፍባት ብርሃን 96 በመቶውን ያህል የምትመልስ፣ አዲስ እንደ ወረደ በረዶ የነጣች ናት፤ እንደ ከሰል ጠቁራ አራት በመቶውን ብቻ የምትመልስ ብትሆን ኖሮ፣ ያንኑ ብርሃን ለመስጠት ከ11,000 ኪሎ ሜትር በላይ መሆን፣ ማለትም የምድርን መጠን ልትደርስ ጥቂት የቀራት መሆን ነበረባት። የእነዚህ አካላት የመጀመሪያ ግምቶች ከሞላ ጎደል ሁሉ እየተጋነኑ የወጡትም በዚሁ ምክንያት ነው። በ2001 የተገኘችው ኢክሲዮን ከሴሬስ፣ ከካሮንም ጭምር ትበልጣለች ተብላ ነበር፤ ዛሬ 700 ኪሎ ሜትር ገደማ መሆኗ ታውቋል። በ2003 የተገኘችው ሴድና እስከ 1,800 ኪሎ ሜትር ልትደርስ ትችላለች ተብሎ ነበር፤ አሁን 995 ናት። ፕሉቶም ብትሆን በ1930 ክላይድ ቶምባው ሲያገኛት ክብደቷ ከምድር ጋር የሚመጣጠን ሳይሆን አይቀርም ተብሎ ነበር፤ በ1978 ካሮን የተባለችው ጨረቃዋ ስትገኝና ክብደቷ ሲሰላ፣ ከምድር ክብደት 450 አንዱን እንኳ እንደማትሞላ ታወቀ።

ከዚህ ድንግዝግዝ የሚያወጣው ዘዴ የኮከብ መከለል ነው። ንዑሱ ፕላኔት በሰማይ ላይ ሲጓዝ አንድን ሩቅ ኮከብ ከእኛ ፊት ይጋርደዋል፤ ኮከቡ ለጥቂት ሰከንዶች ይጠፋና መልሶ ይበራል። ጥላው መሬት ላይ የሚጓዝበት ፍጥነት አስቀድሞ ይታወቃል፤ ለምሳሌ በሰከንድ 25 ኪሎ ሜትር ቢሆንና ኮከቡ ለ40 ሰከንድ ቢጠፋ፣ ከዚያ ቦታ የታየው አውታር 1,000 ኪሎ ሜትር ነው። ሌላ ተመልካች ሌላ ከተማ ላይ ሆኖ ሌላ አውታር ይለካል። ሁለት ሦስት አውታሮች ሲገኙ፣ እኔ ከፖስተሩ ግርጌ ያለችውን ምድር እንዳገኘኋት ሁሉ፣ ክቡ ይገኛል። የኤሪስ መጠን የተቆረጠው ኅዳር 6 ቀን 2010 በተፈጠረ የዚህ ዓይነት አጋጣሚ ነው፤ ክስተቱን ለመያዝ ሙከራ ከተደረገባቸው 26 ቦታዎች የተሳካላቸው ሁለት ብቻ ሲሆኑ፣ እነርሱም ቺሌ ውስጥ የሚገኙት ሳን ፔድሮ ዴ አታካማና ላ ሲያ ናቸው። የማኬማኬም መጠን፣ በፖስተሩ ላይ 14.3 ሴንቲ ሜትር ሆና የተሣለችው፣ ሚያዝያ 23 ቀን 2011 በደቡብ አሜሪካ በታየ መከለል የተገኘ ነው። ጥቂት ሰዎች በጨለማ ውስጥ፣ ሰዓት በእጃቸው ይዘው አንድ ኮከብ ብልጭ ድርግም ሲል በመጠበቃቸው የተገኙ ቁጥሮች ናቸው፤ ፖስተሩ ስለዚህ አንድ ቃል እንኳ አለመጻፉ ያሳዝነኛል። በግርጌው ላይ ለሦስት መስመር የሚበቃ ባዶ ቦታ ነበረው።

ትልቁን ስህተት ያገኘሁት በታችኛው ረድፍ ነው። ጎንግጎንግ 15.3 ሴንቲ ሜትር ሆና ተሥላለች፤ ከሥሯም 1,535 ኪሎ ሜትር የሚል ተጽፎባታል። በዚህ ሥዕል መሠረት ከማኬማኬ ትበልጣለች፤ ሠዓሊውም የታችኛውን ረድፍ በመጠን ቅደም ተከተል ስለደረደረው ማኬማኬን ሁለተኛ አድርጎ አስቀምጧታል። ቁጥሩ ከሜዳ የመጣ አይደለም፤ በ2016 የኬፕለር ቴሌስኮፕ ምልከታ፣ ሄርሼል ከተባለው ሌላ የጠፈር ቴሌስኮፕ የሙቀት ልኬት ጋር ተዳምሮ የሰጠው ውጤት ይህ ነበር፤ በወቅቱም አካሏ ስም ስላልነበራት በመዝገብ ቁጥሯ ብቻ ትጠራ ነበር። በኋላ ግን የጨረቃዋ ምሕዋር ተጠንቶ መጠኗ እንደገና ሲሰላ 1,230 ኪሎ ሜትር ገደማ ሆነ፤ ይህም ከማኬማኬ ያነሰ፣ ከካሮን ጋር ትከሻ ለትከሻ የሚያስተካክላት ነው። አስቂኙ ነገር ጎንግጎንግ የሚለው ስም በ2019 ለሕዝብ ምርጫ ቀርቦ በ2020 የጸደቀ መሆኑ ነው። አታሚው ስሟን ለማደስ ጊዜ አግኝቶ መጠኗን ሳያድስ አልፎታል ማለት ነው፤ አዲስ ታርጋ የተለጠፈበት አሮጌ መኪና ዓይነት። በፖስተሩ ላይ የታተመበት ዓመት ባይጻፍም፣ ከ2020 ወዲህ መሆኑን ከዚህ ማወቅ ይቻላል።

ሐውሜያም ከዚህ የተሻለ ዕድል አልገጠማትም። ይህች አካል በአራት ሰዓት ገደማ አንድ ጊዜ ስለምትሽከረከር ሉል ሆና መቆየት አልቻለችም፤ እንደ እንቁላል ተለጥጣለች። በፖስተሩ ላይ ርዝመቷ 19.6፣ ወርዷ 15.2 ሴንቲ ሜትር ነው፤ ይህ የድሮው ግምት ነው። ጥር 21 ቀን 2017 ሐውሜያ አንድ ኮከብ ስትጋርድ አውሮፓ ውስጥ በአሥር የምርምር ጣቢያዎች የሚገኙ 12 ቴሌስኮፖች ክስተቱን ያዙት፤ ረጅሙ ዲያሜትሯም ቢያንስ 2,300 ኪሎ ሜትር መሆኑ ታወቀ። እንግዲህ ሥዕሉ ቢያንስ በ3.4 ሴንቲ ሜትር አጥሯል፤ በርዝመት ብቻ ከሆነ ሐውሜያ ከኤሪስ ጎን መሰለፍ የምትችል ናት። ከዚሁ ምልከታ የተገኘ ሌላ ነገርም ነበር፤ ሐውሜያ ቀለበት አላት። ቀለበቱ ከመካከሏ 2,287 ኪሎ ሜትር ላይ ሲገኝ ወርዱ 70 ኪሎ ሜትር ነው፤ በፖስተሩ ስኬል ሰባት ሚሊ ሜትር የሚሰፋ፣ ከዳር እስከ ዳር 46 ሴንቲ ሜትር የሚዘረጋ ክብ መሆን ነበረበት። ቦታው ስለማይበቃ ቢተወው እረዳለሁ። የኳዋርም ቀለበት፣ በ2023 መኖሩ የተገለጸው፣ ከመካከሏ ከ4,000 ኪሎ ሜትር በላይ ስለሚርቅ ጎረቤቶቿን ሁሉ ያቋርጥ ነበር። ቢያንስ በአንድ መስመር ጽሑፍ መጥቀስ ግን ይቻል ነበር።

አሁን ወደ ዋናው ቅሬታዬ እመጣለሁ። ፖስተሩ አሥሩንም አካላት በእኩል ደማቅና በእኩል ስለታም ጠርዝ ስለሣላቸው፣ መጠናቸውን በእኩል እርግጠኝነት የምናውቀው ያስመስለዋል። የፕሉቶ ዲያሜትር ሊሳሳት የሚችለው በሦስት ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ነው፤ በፖስተሩ ላይ ይህ ከእርሳስ መስመር የቀጠነ ነው። የጎንግጎንግ 50 ኪሎ ሜትር ወደ ላይም ወደ ታችም ሊሄድ ይችላል፤ አምስት ሚሊ ሜትር ማለት ነው። የሴድና ደግሞ 80 ኪሎ ሜትር፤ ስለዚህ 99 ሚሊ ሜትር ተኩል ሆና የተሣለችው ሴድና 91 ወይም 107 ሚሊ ሜትርም ልትሆን ትችላለች። ይህ ተራ ነገር አይደለም፤ ከሴድና ቀጥለው የተሰለፉት ሴሬስና ኦርከስ 94ና 91 ሚሊ ሜትር ስለሆኑ፣ የሦስቱ ቅደም ተከተል በሴድና የግምት ወሰን ውስጥ የሚዋልል ነው። በሥዕሉ ላይ ግን እንደ ወታደር ሰልፍ ተስተካክለው ቆመዋል። አንድ የመጠን ንጽጽር ሥዕል መጠንን ብቻ ሳይሆን የመጠኑን እርግጠኝነት ማሳየት ካልቻለ ግማሽ ሥራ ነው የሠራው፤ ማሳየቱ ደግሞ ከባድ አልነበረም። ከየአካሉ ውጭና ውስጥ አንዳንድ ቀጭን ነጠብጣብ ክብ ማስመር ይበቃ ነበር።

ይህንኑ ጉዳይ ከእኔ ይልቅ አሳጥራ የተናገረችው አንዲት የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ነበረች። ሴድና ላይ በተሣሉት ገደሎችና ስንጥቆች ላይ ጣቷን እያሳረፈች፣ «ቲቸር፣ ይቺን ማን አነሳት?» አለችኝ። ማንም አላነሳትም። ከአሥሩ አካላት ገጽታቸው በቅርብ የታየው ሦስት ብቻ ናቸው፤ ኒው ሆራይዘንስ ያለፈችባቸው ፕሉቶና ካሮን፣ እንዲሁም ዶውን የተባለችው መንኮራኩር ከ2015 ጀምሮ የዞረቻት ሴሬስ። በፕሉቶ ላይ ያለው ልብ የሚመስል ነጭ ሜዳ፣ በካሮን ሰሜናዊ ዋልታ ላይ ያለው ቀላ ያለ ጥቁር ቆብ፣ በሴሬስ ላይ የሚያበራው ነጭ ነጥብ እውነተኛ ናቸው፤ ፖስተሩም በጥንቃቄ አስፍሯቸዋል። የቀሩት ሰባቱ ገጽታ የሠዓሊው ምናብ ነው። ይህን የሚናገር ጽሑፍ በፖስተሩ ላይ ፈልጌ አጣሁ። ሠዓሊው ጎበዝ መሆኑ ጉዳዩን ያባብሰዋል፤ ምናቡ ከእውነተኛው ፎቶግራፍ ተለይቶ አይታወቅም።

በብርሃን ረገድም የተፈጸመው ግፍ ከዚህ አይተናነስም። ከላይ እንዳልኩት የእነዚህ አካላት ንጣት እጅግ የተለያየ ነው፤ ኤሪስ በረዶ መሳይ፣ ማኬማኬም ለእርሷ የምትቀርብ ስትሆን፣ ኳዋር ከምታገኘው ብርሃን ከአሥር አንዱን ብቻ፣ ሴሬስ ደግሞ ከዚያም ያነሰውን ትመልሳለች። በፖስተሩ ላይ ግን ሁሉም በአንድ አምፑል የበሩ ይመስላሉ። ዓይናችን በጥቁር መደብ ላይ ያለ ደማቅ ነገርን ከእውነተኛ ስፋቱ አስፍቶ የማየት ልማድ ስላለው፣ ሁሉን እኩል ማድመቅ ለስፋት ንጽጽር ይጠቅማል የሚል መከራከሪያ ሊቀርብ ይችላል፤ አልቃወምም። እንዲህ ከሆነ ግን በየአካሉ ሥር አንዲት ትንሽ የቀለም ካሬ ተቀምጣ ትክክለኛው ንጣት ቢመለከትባት ኖሮ፣ ተማሪው መጠኑ እንዴት እንደተሰላም በዚያው ይገባው ነበር።

ዓይን በስፋት ንጽጽር ላይ የሚሠራው ሌላም ስህተት አለ፤ ለዚህ ተጠያቂው ፖስተሩ ብቻ አይደለም። በክበባችን «በፕሉቶ ውስጥ ስንት ኦርከስ ይገባል?» ብዬ ስጠይቅ አብዛኞቹ ሦስት ብለው መለሱ፤ ዲያሜትራቸውን ስላዩ። በገጽ ስፋት ብናሰላው ሰባት ያህል፣ በይዘት ደግሞ 18 ገደማ ነው። ጠፍጣፋ ክብ ስለ ሉል ይህን ሁሉ ሊናገር አይችልም። ክብደትንማ ጭራሽ አይነካውም፤ በፖስተሩ ላይ በአምስት ሚሊ ሜትር የተበለጠችው ኤሪስ በክብደት ፕሉቶን 27 በመቶ ትበልጣታለች። ለእኛ አገር ተማሪ የሚገባው ሌላ መመዘኛ የአገር ስፋት ስለሆነ እርሱንም ሞክረናል፤ የፕሉቶ ገጽ 17.7 ሚሊዮን ስኩዌር ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ማለትም 16 ኢትዮጵያ ያህል ሲሆን፣ ሴሬስ ሁለት ኢትዮጵያ ተኩል ናት። ልጆቹ ከሁሉም ይልቅ የያዙት ይህን ነው።

የጨረቃችን አለመኖርም ጉድለት ነው። የምድር ጉብታ ለመመዘኛነት ጥሩ ብትሆንም ከሌሎቹ አንጻር በጣም ግዙፍ ናት፤ 34.7 ሴንቲ ሜትር የምትሆነው የራሳችን ጨረቃ ግን፣ ሁላችንም በየምሽቱ ቀና ብለን የምናያት፣ ከፕሉቶ ጋር ብትሰለፍ ፕሉቶ ሁለት ሦስተኛዋን ያህል መሆኗን ማንም ሕፃን ይረዳ ነበር። ከላይኛው ረድፍ በስተቀኝ ያለው ባዶ ቦታ ለእርሷ የተተወ ይመስላል፤ ስፋቱን ብለካው ግን ለጥቂት አይበቃም።

ስለ ኅትመቱ ብዙ የምለው የለኝም። ወረቀቱ ወፍራም ነው፣ ጥቁሩ መደብ አልደበዘዘም፣ ጽሑፉ ከቅርብ ሲነበብ ጥርት ያለ ነው። የሚያብረቀርቅ ወረቀት መሆኑ ግን ለክፍል አይመችም፤ ከመስኮት ትይዩ ስንሰቅለው ከሰዓት በኋላ ኤሪስና ሐውሜያ በነጸብራቅ ተውጠው ስለጠፉ ወደ ጎን ግድግዳ ለማዞር ተገድደናል። ሱቁ ነጸብራቅ የሌለውንም ዓይነት እንደሚሸጥ የአክስቴ ልጅ በኋላ ነግሮኛል፤ ምርጫ ያለው ሰው ያንኛውን ይግዛ። ጽሑፉ በሙሉ በእንግሊዝኛ ነው፤ ጥቂት ቃላት ብቻ ስለሆነ ችግር አልፈጠረብንም። ዋጋው ከማጓጓዣው ጋር 34 ዩሮ ነበር። ትክክለኛ ቁጥር ለሚፈልግና ሊያርመው ለማይፈቅድ ሰው ውድ ነው እላለሁ። ማስመሪያ፣ ኮምፓስና ሥራ የሚፈልጉ ተማሪዎች ላሉት ሰው ግን ይህን ያህል ትምህርት የሚወጣው ሌላ ሥዕል በዚህ ዋጋ አላገኘሁም።

እኛ ያደረግነው ይህ ነው። በጥቁሩ መደብ ላይ በሚታይ ነጭ እርሳስ የየአካሉን የግምት ወሰን አሰመርን፤ የሴድና ነጠብጣብ ክብ ሴሬስን ሊነካ ጥቂት ቀርቶታል። ፎቶግራፍ ባልተነሡት በሰባቱ ሥር «ሥዕል» የሚል ቃል ጻፍን። ለሐውሜያ 23 ሴንቲ ሜትር ርዝመት ያለው እንቁላል ከካርቶን ቆርጠን በአሮጌዋ ላይ ለጠፍንባት። ለጎንግጎንግም 12.3 ሴንቲ ሜትር የሆነ ቀይ ዳማ የካርቶን ክብ ሠርተን መካከሏ ላይ አጣበቅን፤ በካርቶኑ ዙሪያ 1.5 ሴንቲ ሜትር የሚሆን የድሮው ሥዕል ጠርዝ ተርፎ ይታያል። አንዳንዶቹ ልጆች በጥቁር ቀለም እንሸፍነው ብለው ነበር፤ እንዲቆይ ወስኜ ከአጠገቡ «2016» ብዬ ጻፍኩበት።